የመሰንጠቂያው ቤት

መሰንጠቂያ ሰፈር ማለት ዛሬ ሰባት ቤት ነው። ሐይቅ ዳር፣ ከሆቴሎቹ አጥር ጀርባ፣ ደንገሉ ከሚጀምርበት ላይ የተደረደሩ የጣውላ ቤቶች። ጎብኚ ፎቶ ያነሳቸዋል፤ የሚኖርባቸው ሰው ግን ክረምት በመጣ ቁጥር እርጥበቱ ጉልበቱ ውስጥ ይገባበታል። እንጨት መሰንጠቂያው ከተዘጋ ሠላሳ ሁለት ዓመት ሆነው። ማሽኖቹ በጨረታ ተሸጡ፣ መጋዘኑ ፈረሰ፣ የሰጋቱራው ክምር እንኳ አፈር ሆነ። ሠራተኞቹ ውጡ የሚላቸው ስላጡ እዚያው ቀሩ።

የዚህ ሰፈር ሰው ታዲያ አንድ አመል አለው። የምትኖርበት ቤት የማን ነው ብትሉት "የመሰንጠቂያው" ይላችኋል። የቱ መሰንጠቂያ ብላችሁ ብትስቁ አብሯችሁ አይስቅም። ነገሩ እንዲህ ነው። በደጉ ዘመን፣ ደግ ከተባለ፣ አንድ ግንድ ጎታች ለእንግዳው ይሄ ቤት የኔ ነው ማለቱ ከሥራ አስኪያጁ ጆሮ ደረሰ። ፀሐይ ሳትጠልቅ ዕቃው ሜዳ ላይ ወጣ። አልጋውን በአንድ በኩል ይዞ ያወጣው፣ ያኔ የሃያ ዓመት ጎረምሳ የነበረው መጋዝ ሞራጁ ዘሪሁን ነበር። ታዘዘ፣ አወጣ። የሰውየው ሚስት ሕፃን አዝላ ቆማ ታየው ነበር። ከዚያ ወዲህ ሰፈሩ ውስጥ ቤት የኔ ነው ብሎ የደፈረ የለም።

ዘሪሁን አሁን ስልሳ ስምንት ዓመቱ ነው። ሚስቱን ቀብሯል፣ ዓይኑ ፈዟል። ደክሞታል፤ ሌላ ምን ብዬ ላሳምረው? ጠዋት ሲነሳ ደክሞት ነው የሚነሳው።

ከሁለት ሳምንት በፊት አዲሱ የሐይቅ ዳር መንገድ በሰባቱ ቤቶች ላይ እንደሚያልፍ ተነገራቸው። ቤቱ የራሱ የሆነ ሰው ምትክ ቦታ ያገኛል፤ የራሱ ያልሆነ ዕቃውን ይዞ ይወጣል። ይህንንም ቤት ለቤት እየዞረች የምትጽፍ መዝጋቢ ትመጣለች ተባለ። ልጁ ፍሬሕይወት ደውላ አንድ ነገር ብቻ ለመነችው። መዝጋቢዋ ስትመጣ የኔ ነው በላት፣ ሌላ ምንም አትጨምር አለችው። ፍሬሕይወት ከባሏና ከሦስት ልጆቿ ጋር ሁለት ክፍል ቤት ተከራይታ ነው የምትኖረው። እኔ ጋ ና ትለዋለች፣ ከልቧ ነው የምትለው። እሱ ግን ሳሎኗ ውስጥ ሶፋ ላይ ተኝቶ፣ የልጅ ልጆቹ እንዳይቀሰቅሱት ኮቴያቸውን አጥፍተው ሲያልፉ ይታየዋል። ከዚያስ ሞቱን ይመርጣል።

ስለዚህ ተለማመደ። ፊቱን ሲታጠብ የኔ ነው። ጫማውን ሲያስር የኔ ነው። ብቻውን ሲያወራ የሰማው መንገደኛ ሳያዝንለት አልቀረም።

መዝጋቢዋ ሩታ ረቡዕ ጠዋት መጣች። ትሑት ልጅ ናት፤ ዝቅ ብላ ሰላም አለችው፣ ጤናውን ጠየቀችው፣ ከዚያ ቤቱ የማን እንደሆነ ጠየቀችው።

"የመሰንጠቂያው ነው" አለ።

ወይ ጉድ! አፍ እንዲህ ባለቤቱን ይከዳል? ልጅቷ ራሷ አዝናለት ደግማ ጠየቀችው። እሱ ደግሞ ጭራሽ አባሰው። እኛ ጠባቂዎች ነን፣ እስኪፈለግ ድረስ ነው የተቀመጥነው አላት። ጻፈች፣ ፈረመ። ምን እንዳደረገ የገባው እሷ የጎረቤቱን በር ስታንኳኳ ነው።

ጎረቤቱ ወይዘሮ እታፈራሁ ድሮ ሰጋቱራ ትጠርግ የነበረች፣ ምላሷ ከመጋዝ የማይተናነስ ሴት ናት። እሷን እግዜር ረድቷታል፤ በዚያ ሰዓት ቤተ ክርስቲያን ስለነበረች ወንድ ልጇ ነው ለመዝጋቢዋ የመለሰላት። እሱ የሥራ አስኪያጁን ዘመን የት ያውቅና! የእናቴ ነው ብሎ ገላገላት። የዘሪሁንን ጉድ ስትሰማ ሆዷን ይዛ ሳቀች፣ ስቃ ስትጨርስ አለቀሰች። ዓርብ አብረን ቢሮ እንሄዳለን፣ እኔ እመሰክርልሃለሁ አለችው።

ዓርብ በባጃጅ ባህል አዳራሽ አካባቢ ወዳለው ቢሮ ሄዱ። ወረፋው ደረጃው ድረስ ወርዷል። ግማሽ ቀን ሊሞላ እስኪል ቆሙ፤ ዘሪሁን እግሩ ዝሎ ሁለቴ ልመለስ ብሎ ነበር፣ እሷ ክንዱን ይዛ አስቀረችው። ተራቸው ሲደርስ ሩታ አወቀቻቸው። ቃል ለማስለወጥ አንድ ምስክርና የራሱ ቃል እንደሚበቃ ነገረቻቸውና፣ ቤቱ የማን እንደሆነ እታፈራሁን ጠየቀቻት።

እታፈራሁ ነጠላዋን አጣፋች፣ መልሳ ፈታች። ያ ሁሉ ምላስ የት ገባ? እሷም የዚያን ቀን ሰጋቱራ መጥረጊያዋን ይዛ ቆማ፣ ያ የግንድ ጎታቹ አልጋ ሲወጣ ያየች ናት።

በኋላ ጉሮሮዋን ጠርጋ የምታውቀውን ትዘረዝር ጀመር። ጣሪያው ዝጎ ሲያፈስ ቆርቆሮ ያለበሰው እሱ ነው። በሩን የሠራው እሱ ነው። ሐይቁ በሞላ ቁጥር የግድግዳው ጣውላ ከሥር ይበሰብሳል፤ በየዓመቱ አንድ ሁለት እየነቀለ ሲተካ ሠላሳ ዓመት ሙሉ አይታዋለች። ሚስቱ ምስማር ታቀብለው ነበር፣ እሷ ከሞተች ወዲህ ምስማሩን በጥርሱ ይዞ ብቻውን ነው የሚመታው።

"የመሰንጠቂያው ጣውላ አንድም አልቀረም፣ ልጄ" አለች።

"ምሰሶዎቹ አሉ" አለ ዘሪሁን።

እታፈራሁ በክርኗ ጎሰመችው። ሩታ ሳቋን ዋጥ አድርጋ ብዕሯን እንደያዘች ጠበቀች። የቀረው የሱ ቃል ነው፤ እሱን ደግሞ ማንም ሊልለት አይችልም። ከኋላ ወረፋው ማጉረምረም ጀምሯል።

"የኔ ነው" አለ ዘሪሁን። አንገቱን ደፍቶ፣ የሰረቀ ሰው ሲያምን እንደሚለው ነው ያለው። ብሎም ጠበቀ። የተቆጣ የለም፣ ውጣ ያለው የለም። ደረቱ ላይ ተጭኖ የኖረ ነገር ቀለል አለው፤ እንባው መጣ፣ አፈረበትም።

ሩታ ወረቀቱን ወደሱ አዙራ የሚፈርምበትን መስመር አሳየችው። ፈረመ። ጣቷን ወደ ታች አውርዳ ሌላ መስመር አሳየችው። ይሄስ ምንድን ነው ሲላት፣ ቤቱን ለመንገዱ ለመልቀቅ ተስማምቻለሁ የሚለው መሆኑን፣ ምትክ ቦታውም በዚህ ፊርማ እንደሚሰጠው፣ አፍራሹ ማሽን ረቡዕ እንደሚገባ አስረዳችው።

ዘሪሁን ሁለቱን መስመሮች አያቸው። በመካከላቸው አንድ ጣት አይሞላም። አርባ ስምንት ዓመት በሰው ቤት ኖሯል፤ በራሱ ቤት ገና አንድ ሌሊት አላደረም። ብዕሩን ቀስ አድርጎ አስቀመጠና መዝገቡ መቼ እንደሚዘጋ ጠየቃት። ሰኞ ስድስት ሰዓት ነው፣ ካለፈ ግን ልረዳዎት አልችልም፣ አባባ፣ አለችው።

"ሰኞ በማለዳ እዚህ ቢሮ በር ላይ ታገኚኛለሽ፣ ልጄ" አለ ዘሪሁን። "እስከዚያ የኔ ይሁን።"

ሩታ ቀና ብላ አየችው። ከዚያ ሁለተኛውን መስመር ባዶውን ትታ ፋይሉን ዘጋችና ቀጣዩን ሰው ጠራች።