እማዬ ያነሳቻት አንዲት ጣት

ከዚያስ፣ ከዚያስ ምን ነበር፣ ጠፋ፣ በቃ ድራሹ ጠፋ፣ መኪና ስነዳ ስለው፣ ገላዬን ስታጠብ ስለው የከረምኩት ግጥም፣ ማርቪና እንኳ አጠገቤ ተኝታ በእንቅልፏ የምታነበንበው ግጥም፣ እኔ ማይክ ፊት አፌን ከፍቼ ቀረሁ። የተባረሩት ልጆች በሩን ሲያንኳኩ፣ እሱን ብያለሁ፣ የሚቀጥለው ነው የከዳኝ። ለምን እንደከዳኝማ መች አጣሁት፣ ሚስቴ የምትል ቃል አለችበት፣ እማዬ ደግሞ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ቁጭ ብላለች።

ሰዉ ጣቱን እያፋተገ ጠቅ ጠቅ ማድረግ ጀመረ፣ እዚህ የግጥም ቤት ገጣሚ ሲጠፋበት እንዲህ ነው፣ አለንልሽ ማለት ነው፣ መድረክ መሪው ኩዊንሲ ከጥግ፣ አንቺ ልጅ ተንፍሺ እንጂ፣ ሞተሽ እንዳታስጠይቂን። አፈር ብላ ኩዊንሲ።

እማዬ ከቤተክርስቲያን ቀጥታ ነው የመጣችው፣ ነጭ የአስተናባሪ ቀሚሷን እንደለበሰች፣ ነጭ ጓንቷ፣ የቀብር አስፈጻሚው ማስታወቂያ ያለበት የወረቀት ማራገቢያዋ። ስጋብዛት፣ ያቺ አብራሽ የምትኖረውም ትመጣለች? አለችኝ። አብራኝ የምትኖረው። መጋባታችንን ስነግራት እንዳልሰማች ሆና ሽንኩርቷን ከተፈች፣ አላባረረችኝም፣ እሱን አልክድም፣ ግን የማርቪናን ስም አንዴ ጠርታ አታውቅም፣ አንዴ።

ነገ ደግሞ ይህንኑ ግጥም የከተማው ምክር ቤት ፊት ማለት አለብኝ፣ የተባረሩት ልጆች መጠለያ እንዳይዘጋ፣ ሴት ሆና ሴት ስለወደደች፣ ወንድ ሆኖ ወንድ ስለወደደ ሜዳ ላይ የተጣለ የሺካጎ ጥቁር ልጅ ሌላ ማደሪያ የለውም፣ ዛሬ እናቴ ፊት ያልወጣች ቃል ነገ እነዚያ ከረባታሞች ፊት ልትወጣ ነው? የት አባቷ።

ተነሳች። እማዬ ተነሳች፣ አንድ ጣቷን ወደ ላይ ቀስራ። ወይኔ። ያቺን ጣት ከሕፃንነቴ ጀምሮ አውቃታለሁ፣ በኛ ቤተክርስቲያን ስብከት አቋርጦ የሚወጣ ሰው ነው የሚያነሳት፣ ይቅርታ፣ መሄዴ ነው ማለት ነው። ሂጂ በቃ፣ ታዲያ ለምን መጣሽ፣ ሂጂ፣ አትሂጂ እማዬ።

በሩ እኮ በስተኋላ ነው። እሷ ወደፊት ነው የምትመጣው፣ ጎንበስ ብላ፣ ይቅርታ የኔ ልጅ፣ እግርህን ሰብስብልኝ እያለች፣ የመጀመሪያው ረድፍ ድረስ፣ ማርቪና ለኔ ተጨንቃ እንባዋን የምታወርድበት ድረስ፣ ከጓንቷ ውስጥ ሶፍት መዝዛ ሰጠቻት፣ አጠገቧ ተቀመጠች፣ መንፈስ ለወረደበት ምእመን እንደምታደርገው ታራግብላት ጀመር። አስተናባሪ ናት እኮ፣ ሰው እያለቀሰ መች ዝም ብላ ታያለች፣ እንዴት ረሳሁት፣ ደስ አለኝ፣ እንደዚህ ደስ ብሎኝ አያውቅም።

ቀና ብላ አየችኝ፣ በዚያ መዝሙር ለጠፋበት ዘማሪ በምትጮኸው ድምጿ፣ ቀስ በይ ልጄ! ማን አባረረሽ! አዳራሹ ሁሉ፣ ቀስ በይ፣ ቀስ በይ። ደሞ ዝቅ አድርጋ፣ ብቻ ብዙም አትቆዪ፣ ማርቪና ሶፍቴን ጨረሰችው።

ማርቪና አለች፣ እማዬ፣ በስሟ።

መጣ፣ ስንኙ መጣ፣ እስትንፋሴም መጣ፣ የተባረሩት ልጆች በሩን ሲያንኳኩ፣ ሚስቴ፣ ሚስቴ ተነስታ ትከፍታለች።