የኤድመንተኑ ቤት ግዝት

ወይዘሮ ጸሃይቱ የኤድመንተን ቤቷን ለዐብዱ ልትሸጥ ቃል ከሰጠች በኋላ ነው ግዝቱ የተሰማው። ዐብዱ እዚያው እንግሊዝ አገር፣ ሰቨን ሲስተርስ ሰፈር፣ ሱቅ ያለው የደሴ ሰው ነው። ሟቹ ባሏ ተስፋኣለም ታሞ በተኛ ጊዜ ሱቁን እየዘጋ ሊጠይቀው ይመጣ ነበር፤ ውለታውን አልረሳችም።

የዐብዱ ልጅ ፊርደውስ የሕግ ቢሮ ትሠራለች። የቤቱን ዲድ፣ የባለቤትነት ሰነዱን፣ ቼክ ስታደርግ አንድ አሮጌ አንቀጽ አገኘች፤ ግቢውን የሠራው እንግሊዛዊ ድሮ ያስገባው ነው። ሃይማኖትን የሚመለከት ገደብ መሆኑን ተናግራ ሳትጨርስ ጸሃይቱ ፊቷ ተለወጠ።

ፊርደውስ ሰውን በሃይማኖቱ የሚለይ እንዲህ ያለ ቃል ዛሬ በሕግ እንደማይጸና፣ ማንም ኤንፎርስ ሊያደርገው፣ ሊያስፈጽመው እንደማይችል አስረዳች። ጸሃይቱ ግን ያስጨነቃት ፍርድ ቤት አልነበረም። በአገሯ ሰው መሬቱን በግዝት አስሮ ከሞተ፣ ካህን ካልፈታው በቀር ማንም አይደፍረውም። የአጎቷ እርሻ በሟች ቃል ታስሮ ለዓመታት ጦም ሲያድር አይታለች። ሸጣለት ዐብዱን መዓት ቢያገኘውስ?

ዐብዱ ሁሉን ሰምቶ ተነሣ። ዕድሜውን በኪራይ ቤት የኖረ ሰው ነው፤ ድምፁ ግን አልተሰበረም።

«እትዬ፣ ልብዎ ካልፈቀደ ይቅር። እየፈራ ከሚሰጥ ሰው ቤት አልወስድም።»

«አባ፣ ዌት» አለች ፊርደውስ። «እትዬ ጸሃይቱ፣ አንቀጹ እኮ እስላም አይግባ አይልም። የእንግሊዝ ቤተ ክርስቲያን ሰው ብቻ ይኑርበት፣ ሌላ ዓይነት ጸሎትም አይደረግበት ነው የሚለው። እርስዎንም ያግዳል።»

«እኔን? ክርስቲያን አይደለሁም እንዴ?»

«ለሰውዬው አይበቁም።»

ጸሃይቱ ሳሎኑን ዞር ብላ አየች። የልጆቿን ክርስትና የደገሰችው እዚህ ነው። የሚካኤል ማኅበር ተራ በደረሳት ቁጥር ከበሮው እስከ መንገዱ ይሰማ ነበር፤ ጫጫታ በዛ ብሎ በሩን የደበደበው ጎረቤት እንኳ ኋላ ጠበሉን ቀምሶ እየሣቀ ተመልሷል። ልጆቿ ተምረው፣ ተድረው ወጥተዋል። ይህ ሁሉ የሆነው ግዝት ተጥሶ ነው ማለት ነው። መጀመሪያ ቁጣ መጣባት፤ ቀጥሎ ደረቷ ነፋ አለ።

«ተስፋኣለም ይህን ሰምቶ ቢሆን ከበሮውን አብዝቶ ይመታው ነበር» አለች። ከዚያ ወደ ፊርደውስ ዘወር ብላ፣ «ለመሆኑ የገዘተው ሰው ካህን ነበር?» ስትል ጠየቀች።

«ኖ፣ ቤት ሠርቶ የሚሸጥ ነጋዴ ነው።»

«ነጋዴ!» አለች ጸሃይቱ በንቀት። «ነጋዴ ማን ሥልጣን ሰጥቶት ይገዝታል? ተቀመጥ አንተ። ቃሌን የሰጠሁት ላንተ ነው፤ የማንም ቤት ሻጭ አያስበላኝም።»

ብዕር ተቀብላ የሽያጩን ውል ፈረመች። የራሷና የአባቷ ስም በቂ ነው ቢሏትም የአያቷንም ጨመረች።

ወዲያው ዐብዱን ፎቅ ላይ ወዳለው ጓዳ አወጣችው። እሷ ወደ ምሥራቅ ዞራ ስትጸልይ የኖረችበት ክፍል ነው። ዐብዱ ስልኩን አውጥቶ የሶላቱን አቅጣጫ አየና ከእሷ መቆሚያ ጥቂት ወደ ቀኝ ዘወር አለ። ፊት ለፊቱ ቁም ሣጥን ገጠመው።

ነገ ሰው ይዞ መጥቶ እንደሚያነሣው ነገራት። ጸሃይቱ ግን እጅጌዋን ሰብስባ አንዱን ጎን ይዛ ነበር።

«ያዝ እንጂ» አለችው።