የሕሩይ የድንበር ድንጋይ

ይህ ታሪክ ከጫፍ እስከ ጫፍ እውነት ነው። ቅንጣት ጨምሬበት ከሆነ የደባርቅ ውርጭ ምላሴን ከላንቃዬ ጋር ያጣብቀው።

ይግዛው ከዳባት በላይ፣ ዳገቱ ላይ ባለች የገብስ ማሳ ድንበር ተካስሶ ጎረቤቱን ሕሩይን የረታው የዛሬ ሦስት ዓመት ነው። ሁለት ምስክር አቁሞ «ድንበሩ ኮሶው ዛፍ ሥር ነው» አሰኘ፤ ሕሩይም ድንበር ገፊ ተብሎ ተፈረደበት። የድንበሩን ድንጋይ አርባ ጎረምሳ እየተፈራረቀ ኮሶው ሥር ጎተተው። በዚያው ክረምት ሕሩይ ሞተ።

ማረሱን ግን አልተወም።

ጭጋግ ማሳውን በሸፈነ ቁጥር ጅራፍ ይጮኻል። «ተመለስ! ተመለስ!» ይላል በሬ የሚያዞረው የሕሩይ ድምፅ፤ አዲ አርቃይ ቆላ ድረስ ወርዶ ዝንጀሮ ያስበረግጋል። ጭጋጉ ሲገፈፍ ትኩስ ትልም አለ፤ የበሬ ኮቴ የለም። ያ አርባ ሰው የጎተተው ድንጋይም በገዛ እግሩ ሄዶ ጥንት ከነበረበት ቁጭ ብሎ ይገኛል።

ይግዛው ሦስት ዓመት ሙሉ ዓይኑን አልከደነም። መጨረሻ ላይ የሕሩይን ሚስት ጤናዬን «መሬቱን ውሰጅልኝ» ብሎ ለመናት።

«በፍርድ የሄደ በፍርድ ይመለስ» አለችው። «ባሌ ድንበር ገፊ ተብሎ ነው የተቀበረ። ስሙን መልስልኝ።»

እናም ይግዛው የረታበትን ፍርድ ራሱ ሊያስሽር ከወጣቷ ዳኛ ፊት ቆመ። የሙቱን ነገር አንድም ሳያስቀር ዘከዘከው።

«አቶ ይግዛው፣» አለች ዳኛዋ፣ «ፍርድ ቤት የፈረደውን እንደ ጋቢ እየገለበጠ አይለብስም። ዳግም ዳኝነት የሚታየው ፍርዱ በሐሰት ማስረጃ የተገኘ እንደሆነ ነው። ሙት መዝገብ አያስከፍትም። ምስክሮችዎ ዋሽተው ነበር?»

ይግዛው አፉን ከፈተ። ያ ተራራ የሚያንቀሳቅስ ምላስ ለአንዲት «አዎ» ከበደው።

«ምስክሮቹ ምን ያርጉ፣ ክብርት ዳኛ… ሙቱ ነው እንጂ! ድንጋዩን ያየችው ጤናዬ ምስክሬ ናት! ትጠየቅልኝ!»

ጤናዬ ተጠርታ ቆመች። ነጠላዋን አጣፍታለች። ድምፅዋ ከእስትንፋስ አይበልጥም።

«ድንጋዩ ከኮሶው ሥር ንቅንቅ ብሎ አያውቅም፤ እሱና ሁለቱ ምስክሮቹ ካስቀመጡት ቦታ ነው ያለው። ትልምም አላየሁ። ጭጋግ ሲወርድ እዚያ ድንጋይ ላይ ተቀምጦ ‹ሕሩይ፣ ተመለስ! በሐሰት ነው ያስመሰከርሁብህ› እያለ የሚጮኸው ይግዛው ነው፤ በየጊዜው እሰማዋለሁ።»

ዳኛዋ ብዕሯን አነሳች።

«ሕሩይ ግን አልመጣም» አለች ጤናዬ። «ቢመጣማ ወደኔ ነበር የሚመጣ።»