ባሕር የሚደርስ ወንዝ

ስምምነቱ ግልጽ ነበር፦ ጋሼ መሐመድኑር አንድ ወንዝ ባሕር ሲገባ ካዩ ረቡዕ ጠዋት የዓይን ኦፕራሲዮናቸውን ያደርጋሉ፤ ካላዩ ግን ከእንግዲህ ማንም እንዳይጨቀጭቃቸው። ይህን ያሉት እሑድ ከሰዓት፣ በስደት በሚኖሩበት አገር፣ ዌስት ፉትስክሬይ በሚባል ሰፈር፣ ሳሎናቸው ውስጥ፣ ልጃቸው ሂንድ አትችለውም ብለው ተማምነው ነው። ከወለዷት ሃያ ስድስት ዓመት ሆኗቸው ገና አላወቋትም። ሂንድ አትችይም ከተባለች እንኳን ሰው ወደ ወንዝ መውሰድ፣ ወንዙን ተሸክማ ሳሎን የምታመጣ ናት።

ግላኮማ የሚሉት የዓይን በሽታ የግራ ዓይናቸውን ከዳር ከዳር በልቶ፣ ዓለምን በቁልፍ ቀዳዳ እንደሚያጮልቅ ሰው አድርጓቸዋል። ቀኙም እየተከተለው ነው። ሐኪሟ ማባበል አትወድም፤ የሄደው አይመለስም፣ የቀረውን ግን ለማትረፍ እሞክራለሁ አለቻቸው። እሳቸው ከዚያ ሁሉ ንግግር "እሞክራለሁ" የምትለዋን ብቻ ይዘው ወጡ። ሁለት ጊዜ ቀጠሮ ተይዞላቸው ሁለት ጊዜ ቀርተዋል፤ አንዴ በጉንፋን አሳበው፣ አንዴ ምንም ሳያሳብቡ ስልካቸውን ዘግተው።

ወንዝ ማለታቸው እንዲሁ የመጣላቸው ሰበብ አልነበረም። ወሎ ሳሉ፣ ከኮምቦልቻ በታች፣ የቦርከናን ወንዝ ውሃ ይለኩ ነበር። ወንዙን የሚሻገረው ድልድይ እግር ላይ ቁጥር የተጻፈበት ብረት ቆሟል፤ ጠዋትና ማታ ወርዶ ውሃው የደረሰበትን አይቶ መዝገብ ላይ ማስፈር ነው ሥራው። ሌሎቹ ለኪዎች ዝናብ ሲበረታ አልጋቸው ላይ ሆነው የትናንቱን ቁጥር ትንሽ ከፍ፣ ትንሽ ዝቅ እያደረጉ ይጽፉ ነበር። እሳቸው አሥራ ዘጠኝ ዓመት ሙሉ ያላዩትን አልጻፉም። በወባ የወደቁ ሰሞን እንኳ መስመሩን ባዶ ነው የተዉት። ቦርከና አዋሽ ይገባል፤ አዋሽም አፋር በረሃ ላይ ሐይቅ ውስጥ ይቀራል እንጂ ባሕር አይደርስም። ይህን ድሮም ያውቁታል። ማብገን የጀመራቸው ግን ካረጁ በኋላ ነው። ያ ሁሉ ውሃ፣ እሳቸው አንድ በአንድ የመዘገቡት፣ መንገድ ላይ ቀረ።

ሂንድ አሥራ አንደኛ ክፍል ላይ ትምህርት አቋርጣ ከተማ መሃል ቢሮ ታጸዳለች። ካርታ ማንበብን ያስተማራት የለም፤ ከቤተ መጻሕፍት እየተዋሰች የዚህን አገር ወንዞች ከነገባሮቻቸው ያጠናችው ራሷ ናት። መጀመሪያ በዚያው እሑድ ከተማውን የሚያቋርጠውን የያራን ወንዝ አሳየቻቸው፤ ወደቡ ጋ ካለው ትልቅ ድልድይ ሥር ወስዳ።

"ክሬን ነው የማየው" አሉ።

"ከክሬኑ ሥር ወንዝ አለ።"

"የቱ ጋ አልቆ የቱ ጋ ባሕሩ እንደሚጀምር አሳዪኛ።"

ማሳየት አልቻለችም። ሰኞ ሺፍቷን ለሌላ ሰጥታ ወደ ኦትዌይ ተራሮች በመኪናዋ ወሰደቻቸው።

"አባ፣ ቀበቶህን እሰር።"

"አስሬያለሁ።"

"ያሰርከው የኮትህን ነው።"

ሦስት ሰዓት ሊሞላ ጥቂት የቀረው መንገድ ነው። ተራራው ላይ ሲወጡ ጫካው ተጋጠመባቸው፤ ሰማይ ጠቀስ ዛፎች፣ ከሥራቸው ቅጠሉን እንደ ጃንጥላ የዘረጋ ፈርን የሚባል ተክል። ገመገሙን እንዳለፉ ሂንድ ፍጥነቷን ቀነሰች።

"ከዚህ ወዲያ የዘነበው ሁሉ ቁልቁል ወደ ባሕር ነው የሚሄደው። ከታች የምናየው ወንዝ ባረም ይባላል። ሁለት ክንፍ አለው፣ የምሥራቁና የምዕራቡ።"

"ሌላስ ገባር?"

"ስም ያላቸውም የሌላቸውም ትንንሽ ጅረቶች። ከየሸለቆው እየወጡ ይቀላቀሉታል።"

"ማን አስተማረሽ?"

"ማንም። የሚገርመውም እሱ ነው።"

ሳቃቸውን ወደ መስኮቱ ዞረው ሳቁት። እንዲህ ያለውን ኩራት ከየት እንዳመጣችው መጠየቅ አላስፈለጋቸውም።

አፖሎ ቤይ የምትባለውን የባሕር ዳር ከተማ አልፈው የባረም ድልድይ አጠገብ ቆሙ። ክርኗን ይዘው በአሸዋው ላይ አዘገሙ። ሂንድ በድንገት ቆመች፤ እሳቸውም ቆሙ። በዚያች ጠባብ ቀዳዳቸው ወዲያ ወዲህ አማተሩ። ወንዙ እንደ ኩሬ ተኝቷል፤ ሰፊ፣ አረንጓዴ፣ ዝም ያለ። ከፊቱ አርባ እርምጃ የሚሆን የአሸዋ ግድብ ተጋድሟል። ባሕሩ ከግድቡ ማዶ ለብቻው ይጮሃል።

ውሻዋን የምታናፍስ አንዲት አሮጊት ፈረንጅ አስረዳቻቸው። በጋው ደረቅ ነበር፤ ወንዙ ሲደክም ማዕበሉ አሸዋ እየገፋ መውጫውን ይዘጋዋል። በዚህ ዳርቻ ያሉት ትንንሽ ወንዞች ሁሉ ዘንድሮ ተዘግተዋል፤ የክረምቱ ዝናብ ሲመጣ ይከፍታቸዋል።

"ሁሉም?" አለች ሂንድ።

"ሁሉም።"

ጋሼ መሐመድኑር ደስ አላቸው። ወዲያው ደግሞ ደስታቸው አሳፈራቸው።

"እንግዲህ ልጄ፣ ውላችን..."

"ምንም እንዳትል።"

ምሳ የያዘችበትን ዕቃ ክዳን አውጥታ ግድቡን መቆፈር ጀመረች።

"አርባ እርምጃ ነው እኮ።"

"እየቆጠርክ ጠብቀኝ።"

አሮጊቷ ተመልሳ መጣች። በእጅ መክፈት ክልክል ነው፤ የላይኛው ጥሩ ውሃ ይፈስና የታችኛው ክፉው ይቀራል፣ ዓሣው ታፍኖ ያልቃል አለቻት። ሂንድ በአማርኛ፣ "ዓሣው ደግሞ የእኔን ዓይነት አባት አለው?" አለችና ክዳኑን ጣለች። ከዚያ ለሁሉም ጀርባዋን ሰጥታ ተቀመጠች። ጋሼ መሐመድኑር ትከሻዋ ሲንቀጠቀጥ አዩ፤ በዚያች ቀዳዳ ከእሷ ትከሻ በቀር ሌላ የሚታይ ነገር አልነበረም። ስታለቅስ ሰው እንዲያያት እንደማትወድ ስለሚያውቁ ቀስ ብለው ራቁ።

የዙሁር ሶላት ሰዓት ደርሷል። ግድቡን ተሻግረው በባሕሩ በኩል ለሶላቱ ሊታጠቡ፣ ውዱ ሊያደርጉ ወረዱ። ማዕበሉ ሲመጣ ከዳር ስለማይታያቸው አልተጠጉትም፤ ግድቡ ግርጌ፣ እርጥቡ አሸዋ ላይ ተቀምጠው በእጃቸው ትንሽ ጉድጓድ ጫሩ። ውሃ ሞላት። ቢስሚላህ ብለው እጃቸውን ታጠቡ፣ ለአፋቸው ዘገኑ፣ ጨዉን እየጠበቁ ተጉመጠመጡ።

ጨዉ አልመጣም።

ተፍተው እንደገና ሞከሩ። የጨው ሽታ አለው፣ ግን ለስላሳ ነው፣ ሣርና ቅጠል ቅጠል ይላል። ሁለት ክንድ ያህል ራቅ ብለው ሌላ ጉድጓድ ጫሩ፤ ያው። እጃቸውን እዚያው ነክረው አቆዩት። ቀዝቃዛ ውሃ ከተራራው በኩል ጣታቸውን እየነካ ወደ ባሕሩ ያልፋል።

ይህን ከእሳቸው በቀር የሚያውቅ ሰው የለም። መዋሸት እንኳ አይጠበቅባቸውም፤ ዝም ማለት ይበቃል። ፊታቸውን ታጠቡ። ረቡዕ ቤታቸው ይውላሉ፣ ማንም ዓይናቸው ውስጥ መርፌ አያስገባም። ክንዳቸውን ታጠቡ፣ ራሳቸውን አበሱ። መስመር ባዶ የሚተወው ላልታየ ነገር ነው። እግራቸው ላይ ሲደርሱ ዝም ማለቱ አቃታቸው።

"ሂንድ።"

ዓይኗን በእጅጌዋ እየጠረገች መጣች።

"ቅመሽው።"

"የባሕር ውሃ ቅመሺ ትለኛለህ?"

"ቅመሽው አልኩሽ።"

በጣቷ ቀመሰች። ከዚያ በመዳፏ ዘግና ቀመሰች። "ጨዉስ?"

"ወንዝሽ ነው። በግድቡ ሥር አልፎ ነው ባሕር የሚገባው።"

ሂንድ ግድቡን አየችው፣ ወንዙን አየችው፣ ከዚያ እሳቸውን ጠርጥራ አየቻቸው። "አላየኸውም እኮ። ውሉ 'ካየሁ' ነው የሚለው። አዝነህልኝ ከሆነ አልፈልግም።"

"እኔ ለማንም አዝኜ ቁጥር ጽፌ አላውቅም። ደርሷል ብያለሁ፣ ደርሷል።" እጃቸውን እያራገፉ፣ "ረቡዕ በስንት ሰዓት ነው?" አሉ።

"ጠዋት አንድ ሰዓት ተኩል። ቁርስ አይበላም።"

"እፈራለሁ፣ ልጄ።"

"አውቃለሁ፣ አባ" አለች ሂንድ፤ "ጉንፋን ያልክ ቀን ነው ያወቅኩት። ሲጠሩህ እጅህን ይዤ እስከ በሩ አብሬህ እገባለሁ። ካባረሩኝ በሩ ላይ እተኛለሁ።"

"ያባርሩሽና ጉዳቸውን ያዩታል።"

"እግርህ ቀርቷል።"

ሱሪያቸውን ከቁርጭምጭሚታቸው በላይ ሰበሰበችላቸው። ከጉድጓዱ በመዳፏ እየዘገነች ቀኙን፣ ቀጥሎም ግራውን አጠበች። በዘገነች ቁጥር ውሃው ከአሸዋው ሥር እየመነጨ ይተካ ነበር። እሳቸው ትከሻዋን ተደግፈው፣ እስክትጨርስ ድረስ ዓይናቸውን ጨፍነው ቆሙ።