የአርባ ሁለት ቁጥር ሽርጥ

ሴትዮዋ ዛሬም ለቅሶ ቤቱ መጣች። ይኸው ሦስተኛ ቀኗ ነው፤ ጥግ ያለው ወንበር ላይ ኩርምት ብላ ከሥጋ ዘመድ ብሳ ታለቅሳለች። የሟች ብቸኛ ልጅ ዓይኗን አልነቀለችባትም። ማን ናት? አክስቷን ብትጠይቃት፣ አክስትየው ጥያቄው ሳያልቅ አላውቃትም ብላ ብርጭቆ ለማጠብ ተነሳች። ይሄ ደግሞ ምን ማለት ነው?

ከዚያ የልብስ ስፌት ፋብሪካው ጡረተኞች ገቡ። አንዷ አሮጊት ቀጥ ብላ ወደ ጥጉ ሄደችና ሴትዮዋን አቅፋ፣ «አይዞሽ አርባ ሁለት» አለቻት።

የሟች ልጅ ክው አለች። ፋብሪካው ሠራተኞቹን የሚጠራቸው ሽርጣቸው ላይ በተሰፋው ቁጥር ነበር። አርባ ሁለት ደግሞ እናቷ ናት።

አንድ ቀን ትዝ አላት፤ ያኔ ሰባት ዓመቷ ነበር። አስተማሪያቸው ስላመማት በጊዜ ተለቀቁ። መንገድ ላይ እናቷን አየቻት፤ በሥራ ሰዓት፣ የሆነች ሕፃን እጅ ይዛ። ሕፃኗ የለበሰችው ለእሷ ያጠራትን ሹራብ ነው። ማታ ስትጠይቃት እናቷ ከድስቱ ቀና ሳትል፣ ፋብሪካ ነበርኩ፣ ሰው ተመሳስሎብሽ ነው አለቻት። ዓይን ያወጣ ውሸት! ከዚያ ወዲህ እናቴ የደበቀችው ሌላ ልጅ አላት እንዳለች ሠላሳ ዓመት ኖረች። እናቷ ስትስማት እንኳ ከዚያችኛዋ የተረፈ ይመስላት ነበር።

ሄዳ ሴትዮዋ አጠገብ ተቀመጠች።

«ሰባት ዓመቴ ሳለ ከእናቴ ጋር ያየኋት፣ ሹራቤን የለበሰች ልጅ የእናቴ ናት? አይደብቁኝ።»

«የኔ ናት» አለች ሴትዮዋ፣ ሳታንገራግር።

ቀጥላም ሁሉን ነገረቻት። ፋብሪካው ልጅ ያላት ሴት አይቀጥርም ነበር። እናቷ ልጅ የለኝም ብላ ተቀጠረች፤ ሥራውን ግን ከዚህችው ጓደኛዋ ጋር ለሁለት ተካፈሉት። አንድ ቀን አንዷ፣ በማግስቱ ሌላዋ ያንኑ ሽርጥ ለብሳ ትገባለች። አለቃው ቁጥር እንጂ ፊት አያይም። ቤት የዋለችው የሌላዋንም ልጅ ትጠብቃለች። አብረዋቸው የሚሰፉት ሁሉ ያውቃሉ፤ አክስቷም ጭምር። ለልጅ ግን አይነገርም፣ ልጅ ያመልጠዋል።

«አንቺ ኩፍኝ ይዞሽ ሦስት ሳምንት ስትተኚ ከጎንሽ ማን ነበር?»

«እማዬ። ፈቃድ ሰጥተዋት።»

«የምን ፈቃድ? የኔን ልጅ ለጎረቤት ጥዬ፣ ማሽኑ ላይ እኔ ነበርኩ።»

የሟች ልጅ የገዛ እጇን ቁልቁል አየች። ባለፈው ሳምንት እንኳ፣ ሆስፒታል፣ እናቷ እጇን ስትይዛት ቀስ ብላ አስለቅቃለች። አሁን ማንን ይቅርታ ትጠይቅ?

አዲስ ለቀስተኞች ገብተው ባለሐዘኗን በዓይናቸው ፈለጉ። የሟች ልጅ ሴትዮዋን ደግፋ አስነሳቻት፤ ወስዳም በራሷ ቦታ፣ ከእናቷ ፎቶ ሥር፣ አስቀመጠቻት።