የሸኘችው ሐኪም

ሐሙስ መጋቢት አምስት ቀን፣ ከረፋዱ አራት ሰዓት ከአርባ ላይ ሱሎቻና የክሊኒኩን የግቢ በር ለማደንዘዣ ሐኪሙ ከፈተችለት። አረንጓዴ ቆቡን ሳያወልቅ ስኩተሩን አስነስቶ ነበር። ቀዶ ሕክምናው አልቆ ባሏ ቪሽዋስ ከሐሞት ጠጠሩ የተገላገለ መስሏት መዳፏን አጋጥማ እጅ ነሳችው።

ሐኪሙ ግን ሌላ ክሊኒክ፣ ሌላ በሽተኛ ሊያስተኛ መሄዱ ነበር። በዚህች ትንሽ የህንድ ከተማ ያለው ማደንዘዣ ሐኪም እሱ ብቻ ነው፤ ሦስት ክሊኒኮች ይጋሩታል። የቪሽዋስ ሆድ ገና አልተሰፋም። ትንፋሹን እንዲጠብቅ የተተወው ቁስል የሚያጥበው ረዳት ነው። ሩብ ሰዓት ሳይሞላ ቪሽዋስ ሞተ።

ከአምስት ወር በኋላ ሱሎቻና ትልቋ ከተማ ሳንግሊ በሚገኘው የመንግሥት ሆስፒታል ኮሪደር ላይ ተቀምጣ ተራዋን ትጠብቃለች። ፖሊስ ሐኪምን በወንጀል የሚከሰው የመንግሥት ሐኪሞች ጉዳዩን መርምረው፣ የደረሰው ተራ ስህተት ሳይሆን ከባድ ቸልተኝነት ነው ሲሉ ብቻ ነው። የባሏ ታናሽ ወንድም ሱሃስ ወደ ጆሮዋ ጠጋ አለ። አቤቱታውን የጻፈው እሱ ነው።

"እትዬ፣ ቀዶ ሐኪሙ መጠጥ መጠጥ ይሸት ነበር ይበሉ። አለዚያ ሐኪም በሐኪም ላይ አይፈርድም።"

"ሸቶኛል እንዴ?"

"ወንድሜ በከንቱ ይቅር ታዲያ? የበሩን ነገርማ እንዳያነሱት። ራስሽ ሸኝተሽው ይሉዎታል።"

እሷንም እንቅልፍ የነሳት ይኸው ነበር። ከሱሃስ በቀር ለማንም አልተናገረችም።

ውስጥ ሦስት ሐኪሞች ተቀምጠዋል። ሰብሳቢዋ ዶክተር ፓድማጃ በክሊኒኩ መዝገብ ላይ ማደንዘዣ ሐኪሙ እስከ አምስት ሰዓት ተኩል ከክፍሉ እንዳልወጣ መጻፉን ነገሯት። ከዚያ በአቤቱታው ላይ ስለተጻፈው መጠጥ ጠየቋት።

"እሱ ይሰረዝልኝ። አልሸተተኝም" አለች ሱሎቻና። "ማደንዘዣ ሐኪሙ ግን አራት ሰዓት ከአርባ ላይ ወጥቷል። በሩን የከፈትኩለት እኔ ነኝ። እጅ ነስቼ ሸኘሁት።"

"ሰዓቱን በምን ያዙት?"

"ማዶ ባለው ትምህርት ቤት የእረፍት ደወል ያኔ ተደወለ። ባሌ አሥራ ስምንት ዓመት ያስተማረበት ነው፤ ያ ደወል አይጠፋኝም።"

ዶክተሯ መነጽራቸውን አወለቁ።

"የእጅ ስህተት እኛም ላይ ይደርሳል። በዚያ ሰው ወንጀለኛ አይባልም። ያስተኙትን ሰው ጥሎ መሄድ ግን ስህተት አይደለም። እርስዎ ደግሞ ያደረጉት ሐኪም ማክበር ነው፤ ይህን አይሸከሙት።"

ውጪ ሱሃስ ቀዶ ሐኪሙን በነጻ እንደለቀቀችው ሲሰማ ተቆጣ፤ ዳኛ ሆነው የተሾሙት መቼ ነው ብሎ አላገጠባት። ከአምስት ወር ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ርቧት ስለነበር ከሆስፒታሉ በር ላይ ወዳለው ድንች ጥብስ ሻጭ አመራች። ሁለት አዘዘች፤ አንዱን ለእሱ።

በጥቅምት ፖሊስ በሦስቱ ሐኪሞች ውሳኔ መሠረት ማደንዘዣ ሐኪሙን በወንጀል ከሰሰው። አንደኛ ምስክር ሱሎቻና ናት፤ ሁለተኛው ቀዶ ሐኪሙ ነው።