ከኑሀ በስተጀርባ

ዙሁራ እናቷ በሕይወት የለችም። የልጅ አያያዝ የተማረችው አንዲት የአዲስ አበባ እናት ከምትጽፈው ብሎግ ነው፤ ሲቀላ ሰፈር ባለው ሱቃቸው ባንኮኒ ላይ ተደግፋ በስልኳ ታነባለች። ብዙ ጠቅሟታል። ልጇ ኑሀ ስታለቅስ መቆጣት ትታለች። ሕፃን የሚያናግሩት ተንበርክከው፣ ዓይን ለዓይን እየተያዩ፣ በእጅ እያሳዩ ነው ይላል ብሎጉ፤ ቤተሰቡን ሁሉ ይህን አስለመደች።

“በስተርጅና ጉልበቴን ጨረሰችው” ይላሉ የባሏ አባት፣ አቶ ጀይሉ። ግን ይንበረከካሉ።

ኑሀ ሦስት ዓመት ሊሞላት ሲል እንኳ አንድ ቃል አልወጣትም።

“ቤት ስልጥኛ፣ ሱቅ አማርኛ፣ ጎረቤት ጋሞኛ። የቱን ትምረጥ?” አሉ አቶ ጀይሉ።

ብሎጉም ከአንድ በላይ ቋንቋ የሚሰሙ ልጆች ሊዘገዩ ይችላሉ ይላል። መስማታቸውን አረጋግጡም ይላል። ዙሁራ አረጋገጠች፦ ፊት ለፊቷ ተንበርክካ “ኑሀ፣ ነይ” ብላ እጇን ዘረጋች። ልጅቷ መጣች። ስለዚህ ጠበቀች።

አንድ ዓርብ ባሏ ሳላዲን ለጁምዓ ሱቁን ሲዘጋ የብረት መዝጊያው አመለጠው። ሲሚንቶው ላይ ሲያርፍ ከመንገዱ ማዶ ያለው የባጃጅ ሹፌር ሳይቀር ዞረ። ኑሀ ጀርባዋን ሰጥታ ማካሮኒ ጣሳ ውስጥ ትጨምራለች። እጇ አልቆመም።

“ጀግና ናት” ብሎ ሳቀ ሳላዲን።

ዙሁራ አልሳቀችም። ከልጅቷ ጀርባ ቆማ ስሟን ጠራች። ድምጿን ከፍ አደረገች። ሁለት የድስት ክዳን አጋጨች። ወደፊት ስትራመድ ጥላዋ ማካሮኒው ላይ አረፈ፤ ያን ጊዜ ኑሀ ዞራ ፈገግ አለችላት።

ሐዋሳ የመረመራት ሐኪም አልተቆጣቸውም። “ያደገችው ፊት እያነበበች ነው። በደንብ ስላስተማራችኋት ነው ያላወቃችሁት። ቀደም ብላችሁ ብትመጡ የመስሚያ መሣሪያው ይበልጥ ይረዳት ነበር።”

ሲመለሱ አውቶቡሱ ምዕራብ ዓባያ ላይ ቆመ። ሙዝ ሻጮች መስኮቱን ከበቡት።

“የብሎጉ ሴትዮ አሁን ምን ትላለች?” አላት ሳላዲን።

“አልከፈትኩትም።”

“ጻፊላት እንጂ።”

“ምን ብዬ? ያለችውን ሁሉ አድርጌያለሁ።”

ኑሀ የሻጮቹን አፍ አንድ በአንድ ታያለች። ዙሁራ ከመቀመጫዋ ወርዳ ጠባቡ መተላለፊያ ላይ ተንበረከከች፤ ፊቷን ወደ ልጇ አዞረች።

“ሙዝ” አለች።

ኑሀ ከንፈሯን ገጠመች፤ ከዚያ አሞጠሞጠችው። ድምፅ አልወጣም። ልክ መሆኗን እንድትነግራት የእናቷን ፊት እያየች ጠበቀች።